በዘጠኝ ቀን የሳትኩት የአውስትራሊያ ዓመት

ስለ አውስትራሊያ ሥነ ጽሑፍ አንዲት ነገር ሳላውቅ አርባ ምናምን ዓመት በሰላም ኖሬ ነበር። ወደዚያ ያስገባኝ አውቶቡስ ነው።

ያን ጊዜ የትምህርት ቤት አውቶቡስ እነዳ ነበር። ጠዋት እዚህ አሜሪካ ሬኒየር ቫሊ የሚባለውን ሰፈር እየዞርኩ ልጆች እለቅማለሁ፣ ከሰዓት በኋላ መልሼ በየደጃቸው አራግፋለሁ። በመሃል አራት ሰዓት ያህል ሥራ የለም። ይህን ክፍት ሰዓት ባልደረቦቼ እንደየፍላጎታቸው ያሳልፉታል። አንዱ መኪናው ውስጥ ወንበሩን ዘርግቶ ይተኛል፣ አንዷ ቤት ታሻሽጣለች፣ አንዱ ጂም ይገባል። እኔ ለስድስት ዓመት ያህል የጨረስኩት በወሬ ነው። የወሬ ጓደኛዬ ባሏን ተከትላ ወደ ቴክሳስ ስትሄድ ግን የማደርገው ጠፋኝ፣ ያኔ ጀምሬ የተውኩት ኮሌጅ ትዝ አለኝ። ከመሪው ወርጄ ክፍል ውስጥ ረዳት መምህር ለመሆን የቀረኝ አንድ የሥነ ሰብ ኮርስ ብቻ ነበር።

የኮሌጁ አማካሪ ገና ልጅ እግር ናት። ስክሪኑን ወደ እኔ አዞረችና "ከሥራሽ ሰዓት ጋር የሚገጥሙት ሁለት ኮርሶች ብቻ ናቸው" አለችኝ። "አንደኛው ዘመናዊ ዳንስ ነው።"

ጉልበቴን አሰብኩት። "ሁለተኛውስ?"

"የአውስትራሊያ ሥነ ጽሑፍ፣ አንድ ዓመት።"

"ኧረ አንድ ዓመት አልችልም! በዚህ ኳርተር መጨረስ አለብኝ።"

"አይ፣ የምትማሪው ለሦስት ወር ነው። ትምህርቱ ነው ስለ አንድ ዓመት።"

"ስለ አንድ ዓመት ሦስት ወር?"

"አዎ።"

"የቀሩት ዓመታትስ?"

ትከሻዋን ሰበቀች። ተመዘገብኩ።

የመጀመሪያው ቀን መስከረም ላይ ነበር። መምህሩ ዕድሜው ወደ አርባ የሚጠጋ፣ ረዥም፣ በዝናብ ቁምጣ ለብሶ የሚመጣ አውስትራሊያዊ ነው። ለመጀመሪያዎቹ አሥር ደቂቃዎች በምን ቋንቋ እንደሚያወራ መለየት አቃተኝ። አጠገቤ የተቀመጠውን አሜሪካዊ ተማሪ በቀስታ "ይሄ ሰውዬ የሚያወራው እንግሊዝኛ ነው?" አልኩት።

"ይመስለኛል" አለኝ፤ እሱም እርግጠኛ አልነበረም።

ጆሮዬ ከለመደ በኋላ ግን ነገሩ ገባኝ። "የአንድን አገር መጻሕፍት ከጥንት እስከ ዛሬ በሦስት ወር ላስተምራችሁ ብል አገሩን በአውሮፕላን መስኮት እንደማሳየት ነው" አለ። "ደመና አይታችሁ ትመለሳላችሁ። ስለዚህ እያንዳንዳችሁን አንድ ፌርማታ ላይ አወርዳችኋለሁ፤ ከዚያ በእግራችሁ ሂዱ።" አንድ አንድ ዓመት እንመርጣለን፤ በዚያ ዓመት አውስትራሊያ ውስጥ የወጣ ልብ ወለድ፣ ግጥም፣ መጽሔት፣ የጋዜጣ የመጻሕፍት ዓምድ እናነባለን፤ ማን ተወለደ፣ ማን ሞተ፣ ማን ከማን ተጣላ የሚለውን ሁሉ ቆፍረን በመጨረሻው ሳምንት ለክፍሉ እናቀርባለን። ፌርማታ ሲል ደስ አለኝ፤ በሥራዬ ነው የመጣው።

ሌሎቹ እየተጣደፉ መረጡ። ያ አጠገቤ ያለው ተማሪ የአያቱ አሮጌ ፒክአፕ የተሠራችበትን ዓመት ያዘ። እኔ ሌላ ስላልመጣልኝ የተወለድኩበትን ዓመት አልኩ። ዓመቱን እዚህ አልጽፈውም። ዓመቱን ጻፍኩት ማለት ዕድሜዬን ጻፍኩት ማለት ነው፤ ሥነ ጽሑፍ ይህን ያህል መሥዋዕትነት አይጠይቅም።

ቤታችን ስካይዌይ የሚባል ሰፈር ነው። ባሌ ረዥም መንገድ የሚሄድ የጭነት መኪና ስለሚነዳ በወር ሁለት ቅዳሜና እሑድ ቢመጣ ነው። ቤት ውስጥ ያለነው እኔ፣ የአሥራ አምስት ዓመት ልጄ፣ እና የባሌ አባት፣ አማቴ ነን። አማቴን አባባ ነው የምላቸው። ደብረ ብርሃን ላይ ሠላሳ አንድ ዓመት ጂኦግራፊ ያስተማሩ ሰው ናቸው። አሜሪካ ከመጡ ወዲህ ዓይናቸውን ሞራ ሸፍኖት ደቃቅ ጽሑፍ ማንበብ አቅቷቸዋል፤ ሐኪሙ ኦፕራሲዮን ይደረጋል ብሎ ቀጠሮ ሰጥቶ ተራቸውን ይጠብቃሉ። የሚያነቡት ሲያጡ ጊዜ የሚከራከሩት ከልጄ ጋር ሆነ፤ እሷ ደግሞ የምትመልሰው በእንግሊዝኛ ነው። እሳቸውም በመጽሐፍ እንግሊዝኛ፣ እያንዳንዷን ፊደል አክብረው ይመልሱላታል።

የዚያን ቀን ሽንኩርት እያቁላላሁ "አባባ፣ ስለ አውስትራሊያ ልማር ነው" አልኳቸው።

ከሶፋው ብድግ አሉ። ከመጡ ጀምሮ እንደዚያ ፈጥነው ሲነሡ አይቻቸው አላውቅም። "ዋና ከተማዋ?"

"ሲድኒ።"

"ተቀመጪ" አሉኝ።

ወንዞቿን፣ በረሃዎቿን፣ የዝናቧን መጠን ነገሩኝ። ሽንኩርቱ አረረ። ልጄ ከክፍሏ ወጥታ "ማም፣ ምንድነው የሚሸተው?" ስትል አባባ "አንቺም ነይ ተቀመጪ" አሏት፤ ተመልሳ ገባች።

ልብ ወለዱን የኮሌጁ ቤተ መጻሕፍት ከሌላ ስቴት አስመጣልኝ። በዚያ ዓመት የወጣ፣ በዚያው ዓመት ሽልማት ያገኘ ወፍራም መጽሐፍ ነው። ታሪኩ ባሏ ስለሞተባት ሴት ነው፤ ከሁለት ሺህ በጎች ጋር ብቻዋን ቀርታለች፣ ዝናብም ጠፍቷል። ሁለት መቶ ገጽ ሙሉ ዝናብ የለም። ሥራ ጨርሼ እንደገባሁ እራት እስኪደርስ ለአባባ ጮክ ብዬ አነብላቸዋለሁ። እንግሊዝኛው ሲጠጥርብን ቆም እንልና በአማርኛ እንፈታዋለን። ብቻዬን ባነበው ሦስት ሳምንት የሚፈጅ መጽሐፍ ከእሳቸው ጋር ስድስት ሳምንት ፈጀ፤ ምክንያቱም በየገጹ ያስቆሙኛል።

"ስንት በግ ነው ያልሽው?"

"ሁለት ሺህ።"

"ከስንት ውሻ ጋር?"

"አንድ።"

"ቀጥይ" ይላሉ፤ ግን እንዳላመኑ ከድምፃቸው ይታወቃል።

እሳቸው ያደጉት መንዝ ነው፤ በግ ባለበት፣ ከሱፉ ባና በሚሠራበት፣ ብርዱ አጥንት በሚገባበት አገር። ስለ በግ ሲነሣ ጂኦግራፊውም ይቆያል።

ክፍል ውስጥ ግን ሳላስበው ጎበዝ ተማሪ ሆንኩ። አንድ ቀን መምህሩ ከየዓመታችን አንድ አንድ ግጥም አምጡ አለን። የእኔዋ ገጣሚ ስለ ሐምሌ ብርድና ጭቃ ጽፋለች፤ ከዚያ መስከረም ሲጠባ ቢጫ አበባ ኮረብታውን እንደሚሸፍነው ትናገራለች። አሜሪካውያኑ ግራ ተጋቡ። "ሐምሌ እኮ የሚዋኝበት ወር ነው" አለች አንዷ። የፒክአፑ ባለቤት ደግሞ "ክረምቱን ገልብጠን ነው የምናነበው ማለት ነው?" አለ።

እጄን አወጣሁ። "እኔ ምንም አልገለበጥኩም" አልኩ። "እኛ አገር ሐምሌ ክረምት ነው። መስከረም ሲጠባ ደግሞ ተራራው ቢጫ ይሆናል። አዲስ ዓመታችንም ያኔ ነው።"

መምህሩ ጠረጴዛው ላይ ተቀመጠ። "እዚህ ሳስተምር ዘጠኝ ዓመቴ ነው፤ ይህን ግጥም ሳይገለብጠው የገባው ሰው ሳይ ዛሬ የመጀመሪያዬ ነው" አለኝ።

በዚያ ሳምንት አውቶቡሱን የነዳሁት ደረቴን ነፍቼ ነው። የሦስተኛ ክፍሎቹ እንኳ "ዛሬ ምን ሆነሻል?" አሉኝ።

ማታ ለአባባ ስነግራቸው ያበባውን ስም ጠየቁኝ። የግራር ዘመድ መሆኑን አረጋግጠው ተደሰቱ። መጽሐፉ ውስጥ ሴትየዋ የባሕር ዛፍ ቅጠል የምታነድበት ቦታ ስንደርስ ደግሞ "ባሕር ዛፍማ የኛ ነው" አሉ።

"የእነሱ ነው አባባ። ከዚያ ነው የመጣው፤ እርስዎ ራስዎ አይደሉም እንዴ ያስተማሩት?"

"ከዚያ መምጣቱን አውቃለሁ። ኖሮ ኖሮ የኛ ሆኗል። ሰው መቶ ዓመት ኖሮ ዜጋ ካልሆነ ምን ሊሆን ነው?"

ይህን ለመምህሩ ስነግረው ከልቡ ሳቀና "ውሰዱት፣ እኛ ሌላ አለን" አለ።

የቤታችን ሰላም የደፈረሰው ወደ ጋዜጣው ስንገባ ነው። መጽሐፉ ሽልማት ባገኘ በሳምንቱ አንድ ሃያሲ "የመጨረሻው ምዕራፍ እንባ በጣሳ የሚቀዳበት ነው፣ ሽልማቱ የተሰጠው ለሐዘኗ እንጂ ለብዕሯ አይደለም" ብሎ ጻፈ። ደራሲዋ ዝም አላለችም። "አስተያየት ሰጪው ከገጽ መቶ ያለፈ አይመስለኝም" ብላ መለሰች። እሱ መለሰ። እሷ መለሰች። ከዚያ አንባቢዎች ገቡበት፤ አንዱ ከእርሻው፣ አንዷ ከወጥ ቤቷ፣ አንድ ቄስ ሳይቀር። ሦስት ወር ሙሉ ጋዜጣው ላይ ተቧቀሱ። የጋዜጣውን ቅጂ ከኮሌጁ ፕሪንት እያደረግኩ፣ እንደ ተከታታይ ድራማ በየቀኑ አንድ አንድ ደብዳቤ ለአባባ አነብላቸው ነበር።

"ይሄማ የኛ ሰፈር ነው!" አሉ። "ለመሆኑ ማነው ልክ?"

"ደራሲዋ ናታ።"

"ሃያሲው ነው።"

"አባባ፣ ባሏ የሞተባት ሴት ጽፋ እንዲህ ይባላል?"

"ባሏ የሞተባት በመጽሐፉ ያለችው ናት፤ ደራሲዋ ባሏ አለ። ሦስተኛው ደብዳቤ ላይ 'ባለቤቴም ታዝቦሃል' ብላለች። አላነበብሽልኝም?"

አንብቤላቸው ነበር፤ ረስቼው ነው። ሁለት ቀን ሰላምታችን ቀዘቀዘ። ልጄ "ማም፣ ኢትስ ጀስት ኤ ቡክ" ስትል ሁለታችንም አብረን ዞርንባት።

ባሌ ከሞንታና ኮል አደረገ። "አባቴን ምን አደረግሽው? ስደውልለት ስለ አንዲት አውስትራሊያዊት ያማርራል። ሶ፣ ማናት ሴትየዋ?" አለኝ።

"ዕረፍ፣ ደራሲ ናት።"

"ቤታችን ትመጣለች?"

"አትመጣም።"

"ኦኬ" አለ፤ ግን በልቡ አልተወውም።

ቀጥሎ የመጣው ነገር ሰባተኛውና የመጨረሻው ምዕራፍ ላይ ነው። ይህ ምዕራፍ የመጽሐፉ ልብ ነው፤ መምህሩ በየዓመቱ የሚያነበው፣ ራሱ ሲያነበው ድምፁ የሚቆራረጥበት። ድርቁ ያበቃል። ሰማዩ ይከፈታል። ሴትየዋ መቀሷን ይዛ ትወጣና በዝናቡ ውስጥ፣ ፀጉሯ ፊቷ ላይ ተለጥፎ፣ እያለቀሰችና እየሳቀች በጎቿን አንድ በአንድ ትሸልታለች። እኔም ሳነበው ድምፄ ተቆረጠ። ቀና ስል አባባ ቅንድባቸውን ሰቅለው ይጠብቁኛል።

"ድገሚልኝ።"

ደገምኩ።

"በዝናብ?"

"አዎ አባባ። ዝናቡ ምሕረት ነው። መምህሩ እንዳለው በጎቹ ሐዘኗን..."

"ልጄ፣ እርጥብ በግ አይሸለትም።"

"ምሳሌ ነው እኮ።"

"ምሳሌም ይሁን፣ እርጥብ በግ አይሸለትም። ሱፉ ይሻግታል። መቀሱ ይንሸራተታል። በጉን ትቆርጪዋለሽ፣ ራስሽም ትታመሚያለሽ። መንዝ ውስጥ የሰባት ዓመት ልጅ ያውቀዋል።" ከዚያ ተደግፈው ተቀመጡና እፎይ አሉ፤ ስድስት ሳምንት ሙሉ የከነከናቸውን ነገር አገኙት። "ይህች ሴት በግ አይታ አታውቅም። ሃያሲውም አያውቅም፤ እንባውን አየ፣ ሱፉን አላየም።"

እኔ ለክፍሉ ያዘጋጀሁት ንግግር በሙሉ የቆመው በዚያ ዝናብ ላይ ነበር።

ዝግጅቴን ከማቅረቤ በፊት ባለው እሑድ፣ ከቤተ ክርስቲያን መልስ፣ ሳሎን ቆሜ ተለማመድኩ። አባባና ልጄ እንደ ክፍል ተማሪ ተደርድረው ተቀምጠዋል። "ይህ ዓመት የተወለድኩበት ዓመት ነው" ብዬ ስጀምር አባባ እጃቸውን አወጡ። ገና አንድ አረፍተ ነገር ነው።

"የተወለድሽው መቼ ነው?"

"አባባ፣ ጥያቄ በመጨረሻ ነው።"

"ገና ዕለት ነው ብለሽኝ አልነበር? እናትሽ ቅዳሴ ላይ ምጥ ያዛት ብለሽ?"

"አዎ፣ ታኅሣሥ ሃያ ዘጠኝ።"

"ወረቀትሽ ላይስ ምን ይላል?"

መንጃ ፈቃዴን አወጣሁ። ልጄ ተቀብላ አነበበችላቸው፣ "ዲሴምበር ሃያ ዘጠኝ።"

አባባ ዓይናቸውን ጨፍነው በጣታቸው መቁጠር ጀመሩ። ያንን ስሌት በሕይወታቸው ስንት ሺህ ጊዜ ለተማሪ እንዳስተማሩት እግዜር ይወቀው። "ፎርሙን የሞላልሽ ሰው ታኅሣሥን ዲሴምበር ብሎ፣ ቀኑን እንዳለ ትቶ፣ ዓመቱ ላይ ሰባት ደመረ" አሉ። "ገና ግን በእነሱ ጃንዋሪ ሰባት ነው። ዓመታቸው ተለውጧል። ስምንት ነበር የሚደመረው።"

"ዘጠኝ ቀን ልዩነት ነው እንግዲህ" አልኩ።

"ዘጠኝ ቀንና አንድ ዓመት ነው። አንቺ በዚህ ዓመት አልተወለድሽም፤ በሚቀጥለው ነው።"

ቀኑ ትክክል አለመሆኑንማ አውቅ ነበር፤ እዚህ ያለ አበሻ ግማሹ የተወለደበት ቀን ከወረቀቱ አይገጥምም። ዓመቱ ግን ተሻግሮ ማደሩ አንድም ቀን ትዝ ብሎኝ አያውቅም። መጀመሪያ ደስ አለኝ፤ ባንድ ዓመት አነስኩ። እንዲያውም መስታወት ፊት ሄጄ አየሁት። ከዚያ ደነገጥኩ፤ አሥር ሳምንት ሙሉ የሰው ዓመት ውስጥ ገብቼ ስፈተፍት ከርሜአለሁ።

"ሶ፣ አንድ ዓመት ሙሉ ኤፍ ልታገኚ ነው?" አለች ልጄ። ይህን ደግሞ በአማርኛ ነው ያለችው።

ማክሰኞ ከክፍል በፊት መምህሩን ኮሪደር ላይ ያዝኩት። ነገሩን ሳስረዳው፣ ስለ ሁለት የቀን አቆጣጠር፣ ስለ ሰባትና ስለ ስምንት፣ ፎርሙን ስለሞላው ሰው፣ አንዴ ጣራውን አንዴ እኔን እያየ ሰማኝ። ስጨርስ "ማለት አንቺ ባልተወለድሽበት ዓመት ላይ ነው ይህን ሁሉ የሠራሽው?" አለ።

"ቀኑ ዘጠኝ ነው የጎደለው።"

"ደስ ይላል" አለ። "የዓመቱን የመጨረሻ ዘጠኝ ወር እናትሽ እርጉዝ ነበሩ። አርዕስቱን 'እናቴ እርጉዝ የነበረችበት ዓመት' በይው።"

እኔ ሌሊት እንቅልፍ ያጣሁበትን ነገር እሱ ኮሪደር ላይ ቆሞ በአንድ አፍታ ፈታው። ከዚያ የባሰውን ነገርኩት፤ አማቴ መምጣት ይፈልጋሉ። ቤተሰብ መጋበዝ ይፈቀዳል ብሎ ስለነበር እንቢ ማለት አልቻለም፤ ደግሞ ምን እንደሚመጣበት አላወቀም።

ሐሙስ ዕለት አባባ ሙሉ ልብስ ለብሰው፣ ከረባት አስረው መጡ። ኮሌጁ በር ላይ ፓርክ ሳደርግ መስኮቱን ዝቅ አድርገው ሕንፃውን እንደ ተቆጣጣሪ ገመገሙት። ክፍል ስንገባ ተማሪዎቹ ዲን መስለዋቸው ቀጥ ብለው ተቀመጡ። አባባ መምህሩ ቁምጣ መልበሱን ሲያዩ ወደ እኔ ጠጋ ብለው "ታሟል?" አሉኝ።

የተሰጠኝ ጊዜ አሥራ አምስት ደቂቃ ነው። ስለ ግጥሙ፣ ስለ መጽሔቱ፣ ስለ ጋዜጣው ጸብ ተናገርኩ። ደራሲዋን አጥብቄ ደገፍኳት። ሰባተኛው ምዕራፍ ላይ ስደርስ ድምፄን አለሳለስኩ። መምህሩ ከኋላ ዓይኑን ጨፍኖ ራሱን ይነቀንቃል። "ዝናቡ ምሕረት ነው" ስል ከፊት ወንበር እጅ ወጣ።

"አባባ" አልኩ በአማርኛ፣ "እባክዎ።"

"አንዲት ጥያቄ ብቻ ናት" አሉና ወደ መምህሩ ዞረው በዚያ በሚያከብሩት እንግሊዝኛ "ጌታዬ፣ እርስዎ በግ ሸልተው ያውቃሉ?" አሉት።

መምህሩ ዓይኑን ገለጠ። "እኔ? አይ፣ እኔ ያደግኩት ከተማ ነው። ሜልበርን።"

"በእጅዎ በግ ነክተው ያውቃሉ?"

ትንሽ አሰበ። "በልቻለሁ" አለ።

ክፍሉ ሳቀ። አባባ አልሳቁም፤ ተነሡና ወደ ነጩ ሰሌዳ ሄዱ። ማርከሩን አነሡ። በግ ሳሉ፤ አሳሳላቸው እንደ ካርታ ነው፣ ሰሜኑና ደቡቡ ይለያል። ሱፍ ውኃ እንዴት እንደሚይዝ፣ እርጥብ ሱፍ ታጥፎ ሲቀመጥ ከውስጥ እንዴት እንደሚግል፣ መቀሱ የት ላይ እንደሚስት አስረዱ። እኔ ጥግ ላይ ቆሜ መሬቱ ተከፍቶ ቢውጠኝ ብዬ እየተመኘሁ ነው። የፒክአፑ ባለቤት ግን ማስታወሻ ይይዛል፤ ሦስት ወር ሙሉ እስክሪብቶ ይዞ አይቼው አላውቅም።

መምህሩ ተከላከለ። "ግን ይህ ጥበብ ነው" አለ። "ደራሲ እውነታውን ለስሜት ሲል..."

"ለስሜት ሲባል ሴትየዋ ትዘምር፣ ትጨፍር፣ ዝናቡ ላይ ትንከባለል። አልከለከልኩም። በጉን ግን ትተወው።"

አንዷ ተማሪ "አውስትራሊያ ውስጥ የሚያውቅ ሰው የለም?" አለች። መምህሩ ግንባሩን አሸት አሸት አደረገና "አጎቴ በግ ያረባል" አለ። "ግን አሁን እዚያ..." ሰዓቱን አየ። "እዚያ ነገ ጠዋት አሥራ ሁለት ሰዓት ተኩል ነው። ገበሬ ስለሆነ ተነሥቷል።"

ደወለ። ድምፁን ለሁላችንም ከፈተው። አጎትየው የሚናገረውን ከመምህሩ በስተቀር ማንም አልሰማውም ማለት ይቻላል፤ የእሱ እንግሊዝኛ ደግሞ የባሰ ነው። ግን መምህሩ ጥያቄውን ሲጠይቀው ከዚያ ማዶ የመጣው ሳቅ ትርጉም አያሻውም ነበር። ረዥም ሳቅ ነው፤ መሃሉ ላይ ሳል አለበት።

"ምን አለ?" አሉ አባባ።

መምህሩ ስልኩን ዘጋ። "'የትኛው ጅል ነው እርጥብ በግ የሚሸልት?' ነው የሚለው" አለ። ዘጠኝ ዓመት ሙሉ በዚያ ገጽ ላይ ድምፁ ሲቆራረጥ የኖረ ሰው ነው፤ አሳዘነኝ። አባባም አዘኑለት መሰለኝ፣ ማርከሩን አስቀምጠው ትከሻውን ነካ አደረጉት። "አይዞዎት" አሉት፣ "የቀረው መጽሐፍ ጥሩ ነው። ውሻዋ በተለይ።"

ከአሥራ አምስት ደቂቃዬ ዘጠኙን በጉ ወሰደው። መደምደሚያዬን ሳልናገር ሰዓቱ አለቀ። ቢሆንም ጥሩ ውጤት አገኘሁ፤ መምህሩ ወረቀቴ ላይ የጻፈው አስተያየት ከራሴ ጽሑፍ ይረዝማል፣ ግማሹ ስለ ሱፍ ነው። ደራሲዋን የደገፍኩበትን ክፍል ግን አስምሮበት "እኔም ካንቺ ጋር ነኝ፣ አሁንም" ብሎበታል። ያንን ለአባባ አላነበብኩላቸውም።

ወረቀቴን ላስተካክል ብዬ አንድ ቢሮ ሄጄም ነበር። መስኮቱ ጋ ያለችው ሴት የልደት የምስክር ወረቀት፣ ካልሆነም ሲወለዱ ያዩ ሁለት ሰዎች ያስፈልጋሉ አለችኝ። ያዩት እናቴና አዋላጇ ናቸው፤ ሁለቱም አልፈዋል። ስለዚህ ለመንግሥት በድሮው ዓመት እንደተወለድኩ ቀረሁ፤ ለራሴ ግን አንድ ዓመት አስመልሻለሁ። ባሌም ነገሩን ሲሰማ "ያገባሁሽ ገና ልጅ እያለሽ ነዋ!" ብሎ ተደነቀ። አንድ ዓመት ልጅነት ምን ያህል እንደሆነ አልገባኝም፣ ግን ተቀበልኩት።

የአባባ ዓይን በገና ሰሞን ኦፕራሲዮን ተደረገ። ፋሻው በተነሣ በማግሥቱ ጋዜጦቹን ሁሉ እንደገና ራሳቸው አነበቡ፤ ሳነብላቸው የዘለልኳቸውን ሁለት ደብዳቤዎች አግኝተው ይኸው እስከ ዛሬ ያነሡብኛል። ኮሌጁ አረጋውያን ክፍል ገብተው እንዲያዳምጡ እንደሚፈቅድ ደግሞ ልጄ ናት ኢንተርኔት ላይ አይታ የነገረቻቸው። በሚቀጥለው ኳርተር ተመዘገቡ። የመረጡት ዓመት የእኔን ተከታዩን ነው፣ ማለትም በእውነት የተወለድኩበትን። ለእኔ ብለው መስሎኝ ልቤ ተነካ።

"አይ" አሉኝ፣ "ደራሲዋ ከዚያ በኋላ ምን እንደጻፈች ለማየት ነው።"

ጽፋለች። አሳ አጥማጆች መሃል የሚሆን ታሪክ ነው፣ አንድም በግ የለበትም። አባባ ይህን እንደ ግል ድላቸው ቆጠሩት፤ እኔ ደግሞ አንድ ገበሬ አንባቢዋ ስለ በጉ ደብዳቤ ጽፎላት ይሆናል ባይ ነኝ። እስካሁን እየተከራከርንበት ነው።

እኔ አሁን ከመሪው ወርጃለሁ። ቢከን ሂል አካባቢ ባለ ትምህርት ቤት ሁለተኛ ክፍል ውስጥ ረዳት መምህር ሆኛለሁ፤ ልጆቹን ከአውቶቡስ የምቀበለው እኔ ነኝ። ባለፈው ሳምንት መምህሩን ካፒቶል ሂል አንድ ካፌ ደጃፍ ላይ አገኘሁት። ቁምጣውን ለብሷል። ስለ ጤናዬ ጠየቀኝ፣ ስለ ልጄ ጠየቀኝ፣ ከዚያ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ "አማትሽ እጃቸውን በጣም ያወጣሉ፤ አንድ ነገር ብትያቸው?" አለኝ።

"እኔ?" አልኩት። "እኔ ከእሳቸው ጋር ነው የምኖረው። አንተ ቢያንስ ማክሰኞና ሐሙስ ብቻ ነው።"